የኤሌክትሪክ መኪና በጂንካ፤ ከቀረጡ እስከ ታርጋው

ከጥቂት ዓመታት በፊት ድረስ ወደ ጂንካ በአውሮፕላን የሚሄድ መንገደኛ የሚያርፈው ከከተማው እምብርት ላይ በተዘረጋው የሣር ሜዳ ነበር። አውሮፕላን በማይመጣበት ሰዓት ከብት ይግጥበታል፤ ልጆች ኳስ ይጫወቱበታል፤ ገበያተኛም አቋርጦት ያልፋል። ዛሬ አውሮፕላኑ ወደ ተሠራለት አዲስ ማረፊያ ተዛውሯል፤ የሜዳው ዝና ግን በጂንካ ሰው አፍ ላይ ቀርቷል።

በአንድ የቅዳሜ ገበያ ቀን ከዚሁ ሜዳ ብዙም በማትርቅ ሻይ ቤት ተቀምጬ ሳለ፣ ሦስት ወጣቶች አጠገቤ ካለው ጠረጴዛ ዙሪያ ሆነው በአንዲት ደብተር ላይ አንገታቸውን ደፍተው ሲነጋገሩ ሰማሁ። አንዱ መምህር፣ ሁለተኛው የጤና ባለሙያ፣ ሦስተኛው የሒሳብ ሠራተኛ ነው። ሦስቱም እቁብ ጥለው፣ ከደመወዛቸውም ቆርጠው ባጠራቀሙት ገንዘብ፣ ከዘመድም ጥቂት ተበድረው፣ በኅብረት አንድ የኤሌክትሪክ መኪና ሊገዙ አስበዋል። የጨዋታቸውን ፍሬ ነገር ስለ ተረዳሁት ይቅርታ ጠይቄ ገባሁበት። የሒሳብ ሠራተኛው ደብተሩን ወደ እኔ ገፋ አድርጎ፣ «ጋሼ፣ ዋጋውን አዲስ አበባ ጠይቀን ጨርሰናል፤ አሁን የሚቀረው ታርጋ ማውጣቱ ብቻ ነው» አለኝ። በደብተሩ ገጽ ላይ ከአንድ ቁጥር በቀር ሌላ አልተጻፈም።

ይህን ጽሑፍ ያስጻፈችኝ «ብቻ» የምትለው ቃል ናት።

አውቶሞቢል ወደ አገራችን ከገባ ከመቶ ዓመት በላይ ሆኖታል። ቤንትሌይ የተባለው እንግሊዛዊ በ1900 ዓ.ም. መኪናውን በበረሃና በተራራ እየነዳ፣ በማይነዳበትም ስፍራ እያስጎተተ አዲስ አበባ ባደረሰ ጊዜ፣ ዳግማዊ አፄ ምኒልክ ራሳቸው ተቀምጠውበት እንደ ተደሰቱ ይነገራል። በዚያን ጊዜ ታርጋም፣ መዝገብም፣ የትራፊክ ፖሊስም አልነበረም። ብዙ ሰው የማያውቀው ግን የኤሌክትሪክ መኪና በዚያው ዘመን በአውሮፓና በአሜሪካ ከተሞች የታወቀ ነገር እንደ ነበረ ነው። እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ1899 ዠናትዚ የተባለው የቤልጅግ ሰው በሰዓት ከ100 ኪሎ ሜትር በላይ በመኪና በመሮጥ ከሰው ሁሉ የቀደመው በኤሌክትሪክ መኪና ነበር። በኋላ ቤንዚን ረከሰ፤ ሞተርን በእጅ እያሽከረከሩ ማስነሣትም ቀርቶ በቁልፍ ሆነ፤ የኤሌክትሪኩም መኪና ተረሳ። እንግዲህ ዛሬ በአዲስነቱ የምንደነቅበት ነገር የሄደ እንግዳ ሲመለስ ነው ማለት ይቻላል።

የተመለሰበትም ምክንያት በእኛ አገር የታወቀ ነው። ኢትዮጵያ ነዳጅ የምትገዛው በውጭ ምንዛሪ ሲሆን፣ ኤሌክትሪክ የምታመነጨው ግን ከራሷ ወንዝ ነው። በ2014 ዓ.ም. ክረምት የገንዘብ ሚኒስቴር ባወጣው ውሳኔ መሠረት፣ ሙሉ በሙሉ ተገጣጥሞ ለሚገባ የኤሌክትሪክ መኪና የጉምሩክ ቀረጡ 15 በመቶ፣ በከፊል ተገጣጥሞ ለሚገባው 5 በመቶ ሆኖ፣ ተፈታትቶ መጥቶ በአገር ውስጥ የሚገጣጠመው ከቀረጥ ነጻ እንዲሆን ተደረገ። ከኤክሳይዝ፣ ከተጨማሪ እሴትና ከሱር ታክስም ነጻ ሆነ። በጥር ወር 2016 ዓ.ም. ደግሞ የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስትሩ በነዳጅ የሚሠራ የቤት አውቶሞቢል ወደ አገር ውስጥ እንዳይገባ መወሰኑን ገለጹ። በጊዜው በተሰጠው መግለጫ አገሪቱ ለነዳጅ የምታወጣው በዓመት ስድስት ቢሊዮን ዶላር ያህል እንደ ደረሰና ከዚህም ከግማሽ የሚበልጠውን ተሽከርካሪ እንደሚበላው ተነግሯል። እንዲህ ያለውን እገዳ በማውጣት ኢትዮጵያ ከዓለም አገሮች ቀዳሚ ሆናለች።

ስለዚህ የሦስቱ ወጣቶች አሳብ የሞኝ አሳብ አልነበረም። አዲስ መኪና ለማስገባት ለሚፈልግ ሰው መንገዱ ወደ ኤሌክትሪክ ያመራል። ጥያቄው ዋጋውን ማወቃቸው ላይ ነው።

የቀረጡን ነገር በቁጥር እንመልከተው። ቀረጥ የሚሰላው በመኪናው ዋጋ ላይ ብቻ ሳይሆን የጭነቱና የመድኑም ዋጋ ተደምሮበት ነው። ይህ ሁሉ ተጠቃሎ 20,000 ዶላር የሚያወጣ መኪና እናስብ። በ2016 ዓ.ም. ክረምት መግቢያ አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር ያህል በነበረ ጊዜ፣ የዚህ መኪና ዋጋ 1,140,000 ብር፣ 15 በመቶ ቀረጡም 171,000 ብር ይሆን ነበር። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ዋጋ በገበያ እንዲወሰን ከተደረገ ወዲህ ግን በጥቂት ወራት ውስጥ ዶላሩ ከ100 ብር በላይ ወጣ። ለስሌት እንዲመች በ100 ብር እንኳ ብናስበው፣ ያው መኪና 2,000,000 ብር፣ ቀረጡም 300,000 ብር ይሆናል። ልብ በሉ፤ ቀረጡ ከመቶ 15 እንደ ነበረ ነው፤ አንድም አዋጅ አልተለወጠም። ነገር ግን ከገዢው ኪስ የሚወጣው በ129,000 ብር ጨመረ። ወጣቶቹ በደብተራቸው ላይ የጻፉትን ዋጋ የጠየቁት ከአምስት ወር በፊት ነበር። ጥሎበት የገንዘብ ምንዛሪ የሰውን ደብተር አይጠብቅም።

በሌላ በኩል ከቤንዚኑ መኪና ጋር ሲነጻጸር ጥቅሙ ግልጽ ነው። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ ቁጥር 1186 አዲስ አውቶሞቢልን በሞተሩ ስፋት ይመድበዋል። እስከ 1,300 ሲሲ ላለው 5 በመቶ፣ ከዚያ እስከ 1,800 ሲሲ 60 በመቶ፣ ከ1,800 ሲሲ በላይ ለሆነው 100 በመቶ ኤክሳይዝ ጥሎበት ነበር። ያገለገለውማ ዕድሜው በጨመረ ቁጥር ታክሱ እየከበደ ይሄዳል። ታክስ በታክስ ላይ ስለሚሰላ የመጨረሻው ድምር ከመኪናው ዋጋ የሚበልጥበት ጊዜ ብዙ ነበር። የኤሌክትሪክ መኪና ሲሲ የሚባል ነገር ስለሌለው ከዚህ ሚዛን ውጭ ሆኖ ነው የመጣው። ሆኖም የታክስ ነጻነት በመመሪያ የተሰጠ እንደ ሆነ በመመሪያ ሊነሣ ወይም ሊሻሻል ይችላል፤ ገዢ የሆነ ሰው የአምናውን ወሬ ይዞ ሳይሆን ዕቃው ጉምሩክ በሚደርስበት ቀን የሚጸናውን ሕግ ይዞ መነሣት አለበት።

አሁን ወደ ታርጋው እንምጣ።

በመኪና ምዝገባ ላይ የምንጠቀምባቸው ሦስት ታላላቅ ቃላት፣ ማለት ታርጋ፣ ሊብሬና ቦሎ፣ ሦስቱም ምንጫቸው ጣሊያንኛ ነው። ታርጋ የሰሌዳው ስም ነው፤ ሊብሬ የባለቤትነት ደብተሩ ነው፤ ቦሎ ማኅተም ማለት ነው፤ በየዓመቱ መኪናው ተመርምሮ ከመስተዋቱ ላይ የሚለጠፈው ወረቀት ነው። ጣሊያን ከሄደ ስንት ዘመኑ፤ ቃሉ ግን አሁንም በየመሥሪያ ቤቱ መስኮት ይጠራል። የኤሌክትሪክ መኪና ቤንዚን ተወ እንጂ ከነዚህ ከሦስቱ አንዱንም አልተወም።

ሥራው የሚመራው በ2002 ዓ.ም. በወጣው የተሽከርካሪ መለያ፣ መመርመሪያና መመዝገቢያ አዋጅ ቁጥር 681 ነው። ሂደቱን በአጭሩ ላስረዳ። መኪናው በጂቡቲ በኩል ገብቶ ሞጆ ደረቅ ወደብ ወይም ሌላ የጉምሩክ ጣቢያ ላይ ቀረጡ ይከፈልበታል። በዚያ የሚሰጠው ዲክላራሲዮን የመኪናው የልደት ወረቀት ነው ቢባል አልተሳሳትንም፤ ያለ እርሱ ሊብሬ አይገኝም። ከዚያ በኋላ ባለቤትነትን የሚያሳየው የግዢ ሰነድ ወይም የሽያጭ ውል፣ የባለቤቱ መታወቂያና የግብር ከፋይ መለያ ቁጥር ይቀርባል። መኪናው ራሱም ቀርቦ ይመረመራል። የሻንሲው ቁጥር ከሰነዱ ጋር በአንዲት ፊደል ቢለያይ ሥራው ሁሉ ይቆማል። ይህን በጥብቅ የምናገረው ያለ ምክንያት አይደለም። ከቻይና በመጣ ሰነድ ላይ አንድ «0» እንደ «ኦ» ተነቦ፣ መኪናው በግቢ ውስጥ ሁለት ወር ሲቆም ያየሁት አለ። የቆመበት መሥሪያ ቤት ማን እንደ ሆነ አልናገርም፤ ስሕተቱ የማንም ሊሆን ይችላል፤ የግቢውን ኪራይ የከፈለው ግን ባለመኪናው ነው። ስለዚህ ገንዘብ ከመክፈል በፊት ወረቀቱንና ብረቱን ጎን ለጎን አድርጎ ፊደል በፊደል ማመሳከር የማንኛውም ገዢ የመጀመሪያ ሥራ ይሁን።

የኤሌክትሪኩ መኪና ለመዝጋቢውም አዲስ ነገር ይዞበት መጥቷል። የቀድሞው ቅጽ የሲሊንደሩን ብዛት፣ የሞተሩን ስፋት በሲሲ፣ የነዳጁን ዓይነት ይጠይቃል። ለዚህኛው ግን ሲሊንደር የለውም፤ ጉልበቱም የሚለካው በኪሎዋት ነው። በዓመታዊው ምርመራም ላይ የጭስ ማውጫ የለውምና ጭስ አይለካበትም። ፍሬኑ፣ መሪው፣ ጎማውና መብራቱ ግን እንደ ማንኛውም መኪና ይፈተሻል። እንዲያውም ባትሪው ከባድ በመሆኑ ጎማው ቶሎ ያልቃል ይባላል፤ በጠጠር መንገድ ደግሞ ይብሳል።

በሌሎች አገሮች ይህን ልዩነት በሰሌዳው ላይ እስከ ማሳየት ደርሰዋል። ኖርዌይ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ከ1999 ጀምሮ ለኤሌክትሪክ መኪና በልዩ ፊደል የሚጀምር ሰሌዳ ሰጠች። ቻይና በ2016 መጨረሻ በአረንጓዴ ሰሌዳ መለየት ጀመረች፤ እንግሊዝም በ2020 ዳሩ አረንጓዴ የሆነ ሰሌዳ ፈቀደች። እንዲህ ያደረጉት ለጌጥ አይደለም፤ ፖሊሱና የመኪና ማቆሚያ ጠባቂው ሩቅ ሆኖ ለይቶት በሕግ የተሰጠውን ቅናሽ እንዲሰጠው ነው። በእኛ አገር ለብዙ ዘመን በለመድነው አሠራር ቀለሙ የሚነግረን የመኪናውን ምግብ ሳይሆን ሥራውን ነበር፤ ቀይ የታክሲ፣ ሰማያዊ የግል፣ አረንጓዴ የንግድ እየተባለ። ከዚህ ምድብ ጋር ለወጣቶቹ የሚገባ ነገር አለ። መኪናውን ለቤት አገልግሎት አስመዝግቦ እንግዳ ጭኖ ወደ ቱርሚና ወደ ኦሞራቴ በክፍያ መመላለስ አይቻልም። ለኪራይ የሚሠራ ከሆነ ገና ከመነሻው በዚያው ምድብ መመዝገብና መድኑንም በዚያው መግባት ያስፈልጋል። መምህሩ ይህን ስነግረው ደብተሩን ተቀብሎ ጻፈ።

ከሁሉ ይልቅ ያስጨነቀኝ ግን ሌላ ነው። «በማን ስም ነው ሊብሬው የሚወጣው?» ብዬ ጠየቅኋቸው። ሦስቱም ተያዩ። ከጥቂት ዝምታ በኋላ የጤና ባለሙያው፣ «እኛ እኮ ወንድማማች ነን ጋሼ፤ በማንም ስም ቢሆን ግድ የለንም» አለኝ።

ወንድማማችነት ያማረ ነገር ነው። ነገር ግን ሊብሬ የሚያውቀው የተጻፈበትን ስም ነው። በአንዱ ስም የተመዘገበ መኪና ባለስሙ ቢሞት ወደ ወራሾቹ ይሄዳል፤ ቢበደር በዕዳው ሊያዝ ይችላል፤ ቢያገባና ቢፋታ ክርክር ሊነሣበት ይችላል። አደጋ ቢደርስም መጀመሪያ የሚጠራው እርሱ ነው። በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን አንድ ንብረት የብዙ ሰዎች የጋራ ሀብት ሊሆን እንደሚችል ደንግጎ፣ ድርሻቸውንና አስተዳደራቸውን የሚመለከቱ አንቀጾች አስቀምጧል። ስለዚህ ሦስት ሆነው የገዙት ሦስት ሆነው ይመዝገቡ፤ ይህ ባይመች እንኳ እያንዳንዱ ያዋጣውን ገንዘብ፣ የሚጠቀምበትን ቀን፣ አንዱ ወደ ሌላ ወረዳ ቢዛወር ድርሻውን በምን ዋጋ እንደሚለቅ በውል ጽፈው፣ ውሉን ሰነድ አረጋጋጭ ፊት ያስመዝግቡት። መንግሥት ሠራተኛን ማዛወር ልማዱ ነው፤ ዛሬ ጂንካ ያለ መምህር ለከርሞ የት እንደሚሆን ማን ያውቃል? ዝውውር ሲመጣ ስም ማዞር ይመጣል፤ ስም ማዞር ደግሞ ክፍያ አለው። በ1990 ዓ.ም. የወጣው የቴምብር ቀረጥ አዋጅ ቁጥር 110 በንብረት ባለቤትነት ሰነድ ላይ የጣለው ከዋጋው ሁለት በመቶ ነበር። ከሁለት ሚሊዮን ብር ላይ ሁለት በመቶ 40,000 ብር ነው፤ በጓደኝነት ዝም ተብሎ የታለፈ ነገር ይህን ያህል ያስከፍላል።

መድንን በሚመለከት፣ በ2005 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 799 ማንኛውም ተሽከርካሪ የሦስተኛ ወገን መድን ሳይገባ በመንገድ ላይ እንዳይነዳ ያዛል። ይህ መድን የሚጠብቀው በመኪናው የተጎዳውን ሌላ ሰው ነው እንጂ መኪናውን አይደለም። የኤሌክትሪክ መኪና ከዋጋው ትልቁ ክፍል ያለው ከወለሉ ሥር በተዘረጋው ባትሪ ላይ ነው። ሙሉ መድን ሲገቡ ባትሪው በውሉ ውስጥ በግልጽ መጠቀሱን፣ ድንጋይ ከሥር ቢመታውና ውኃ ቢገባበት ኩባንያው እንደሚከፍል ወይም እንደማይከፍል ማንበብ ይገባል። ፋብሪካው ለባትሪው የሚሰጠው ዋስትናም አለ፤ ብዙውን ጊዜ ስምንት ዓመት ይባላል። ነገር ግን ለቻይና ገበያ ተሠርቶ በነጋዴ በኩል የገባ መኪና ዋስትናው ባሕር ተሻግሮ የሚከተለው ስለ መሆኑ ሻጩ በጽሑፍ ይንገራችሁ። በቃል የተነገረ ዋስትና ጂንካ ሳይደርስ መንገድ ላይ ይቀራል።

ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ መኪናው ታርጋውን የት ያውጣ የሚለው ነው። ምዝገባው የአዲስ አበባ ብቻ አይደለም፤ የክልል ትራንስፖርት መሥሪያ ቤቶችም ይመዘግባሉ። አዲስ አበባ ላይ አስመዝግቦ መምጣት በመጀመሪያ ይቀላል፤ ኋላ ግን ለየጉዳዩ ፋይሉ ወዳለበት መመለስን ሊያስከትል ይችላል። በየዓመቱ ከ700 ኪሎ ሜትር በላይ ለፋይል ሲባል ከመጓዝ፣ አስቀድሞ ከዞኑ ትራንስፖርት መሥሪያ ቤት ገብቶ ምን ምን ሰነድ እንደሚፈለግ ጠይቆ፣ ዝርዝሩን ይዞ ወደ ግዢው መሄድ ይሻላል። የአገልግሎት ክፍያው ራሱ ከቀረጡ ጋር ሲተያይ እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። የሚከብደው አልጋው፣ ትራንስፖርቱና ከሥራ የቀሩበት ቀን ነው። ይህን ማንም በደብተር ላይ አይጽፈውም።

እንግዲህ መኪናው ተገዛ፤ ታርጋም ወጣለት እንበል። ጂንካ እንዴት ይደርሳል?

ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በወላይታ ሶዶ፣ በአርባ ምንጭና በኮንሶ አልፎ፣ ወደ ወይጦ ቆላ ወርዶ፣ በቀይ አፈር ወጥቶ ጂንካ የሚገባው መንገድ ለቤንዚን መኪና የአንድ ቀን ተኩል መንገድ ነው። ሻጩ በሙሉ ባትሪ 400 ኪሎ ሜትር ይሄዳል ቢላችሁ፣ ሦስት ሰው ከነጓዙ ጭኖ በተራራ አገር 300 ኪሎ ሜትር ቢሄድ ተመስገን ነው። እንግዲህ በመንገድ ላይ ቢያንስ ሁለት ጊዜ መሙላት ይኖርበታል ማለት ነው። ፈጣን መሙያ ጣቢያዎች በብዛት የሚገኙት በአዲስ አበባ ነው። ኢትዮ ቴሌኮም በ2017 ዓ.ም. በቦሌና በመገናኛ የከፈታቸው ለአብነት ይጠቀሳሉ፤ እዚያ መኪናው ከአንድ ሰዓት ባነሰ ጊዜ ጠግቦ ይነሣል። በሆቴል ሶኬት ግን ነገሩ ሌላ ነው።

ፊዚክስ የሚማር ተማሪ ይህን በራሱ ሊያሰላው ይችላል። 220 ቮልት በ10 አምፔር ሲባዛ 2,200 ዋት ነው። 60 ኪሎዋት ሰዓት የሚይዝ ባትሪ በዚህ ኃይል ለመሙላት 27 ሰዓት፣ የሚባክነው ሲታሰብ ደግሞ ወደ 30 ሰዓት ይፈጅበታል። አርባ ምንጭ ላይ በተራ ሶኬት የሚሞላ ሰው አዞ ገበያውንም፣ አርባውንም ምንጭ አይቶ ለመጨረስ በቂ ጊዜ አለው። አያቶቻችን በበቅሎ ሲሄዱ የሚያድሩባቸው ሰፈሮች እንደ ነበሩ፣ ይህም መኪና የራሱ ማደሪያዎች ያስፈልጉታል።

ደስ የሚል ነገርም አለ። የኤሌክትሪክ መኪና ቁልቁለት ሲወርድ ሞተሩ ወደ ጄኔሬተርነት ይለወጥና ባትሪውን መልሶ ይሞላል። ከኮንሶ ከፍታ ወደ ወይጦ ወለል የሚወረደው አንድ ሺህ ሜትር ያህል ነው። ሁለት ሺህ ኪሎ የሚመዝን መኪና ይህን ያህል ሲወርድ አምስት ተኩል ኪሎዋት ሰዓት ጉልበት ይለቃል። ከዚህ ከግማሽ በላዩን ቢመልስ ሃያ ኪሎ ሜትር ያህል የሚያስኬድ ስንቅ በነጻ አገኘ ማለት ነው። ሌላው መኪና በዚያ ቁልቁለት ፍሬኑን ሲያግል ይህኛው ይበላል። ግን ወይጦን ተሻግሮ ወደ ቀይ አፈር ሲወጣ የተበደረውን ከነወለዱ ይከፍላል። የወይጦ ሙቀትም ለባትሪ ወዳጅ አይደለም፤ በቀትር ከመሙላት በማታ መሙላት ይሻላል።

እዚህ ላይ ከመኪናው ጥቂት ወጣ ብዬ ስለ መብራቱ አንድ ቃል ልናገር። ደቡብ ኦሞ ስሙን ያገኘው ከወንዙ ነው። በዚሁ ወንዝ ላይ፣ ከዞኑ በላይ የተሠራው ጊቤ 3 ግድብ በታኅሣሥ 2009 ዓ.ም. ሲመረቅ 1,870 ሜጋዋት የማመንጨት ዐቅም ነበረው፤ ቁመቱም 243 ሜትር ነው። ከወላይታ ሶዶ የሚነሣው ታላቁ መስመር ደግሞ ከ1,000 ኪሎ ሜትር በላይ አቋርጦ ለኬንያ ኃይል ያደርሳል። ይሁን እንጂ በወንዙ ዳር የሚኖሩት ዳሰነች፣ ኛንጋቶም፣ ካራና ሙርሲ ከጥንት ጀምሮ ማሽላቸውን የሚዘሩት ኦሞ ሞልቶ ሲመለስ በሚተወው እርጥብ ደለል ላይ ነበር። ከግድቡ በኋላ ያ ሙላት እንደ ቀድሞው አይመጣም። ይህን የምጽፈው የግድቡን ጥቅም ለመንቀፍ አይደለም። ነገር ግን አዲስ አበባ ላይ ያለ ባለመኪና ማታ ሶኬቱን ሲሰካ ከዚህ ወንዝ የመጣ ኃይል ሊሆን ይችላል፤ ወንዙ የሚያልፍበት አገር ሰው ደግሞ መኪናውን የሚሞላበት ጣቢያ ሩቅ ነው። የታክሱ ቅናሽ ለሁሉም እኩል ተሰጥቷል፤ የጂንካው ገዢ ግን መንገዱንና ገመዱን በራሱ ይጨምርበታል። በጂንካ ዩኒቨርሲቲ ኤሌክትሪክ የምትማሩ ተማሪዎች ለመመረቂያ ጥናታችሁ ርእስ ካጣችሁ፣ ከአርባ ምንጭ እስከ ጂንካ የመሙያ ጣቢያ የት የት ቢተከል እንደሚበቃ አጥኑ፤ የሚያነብበው አይጠፋም።

መኪናው አንድ ጊዜ ጂንካ ከገባ ግን ሒሳቡ ይለወጣል። ከተማዋ ሰፊ አይደለችም። ከቤት ትምህርት ቤት፣ ከዚያ ሆስፒታል፣ ከዚያ ገበያ ቢመላለሱ በቀን ከ30 ኪሎ ሜትር አይበልጥም። ለዚህ የሚፈጀው አምስት ኪሎዋት ሰዓት ያህል ስለ ሆነ፣ በተራ ሶኬት ሁለት ሰዓት ተኩል ቢሰካ ይበቃዋል። የእንጀራ ምጣድ በአንድ ጊዜ የሚስበው ኃይል ከዚህ መኪና ሶኬት ይበልጣል። ነዳጅ ጠፋ ተብሎ ባለመኪናው ሁሉ ወረፋ በሚይዝበት ቀን ይህ ትልቅ ነጻነት ነው። ስለዚህ ወጣቶቹን ተዉት አላልኋቸውም። ያልኋቸው ደብተሩ ላይ ካለው ቁጥር ሥር የዛሬውን ምንዛሪ፣ ቀረጡን፣ የጭነቱን ዋጋ ከሞጆ እስከ ጂንካ፣ የሙሉ መድኑን፣ የውሉን ማስመዝገቢያ፣ የምልልሱን ወጪና የኤሌክትሪክ ባለሙያ ለብቻው የሚዘረጋውን ገመድ ዋጋ ጽፈው እንደ ገና እንዲደምሩ ነው።

የሒሳብ ሠራተኛው ሁሉንም በተራ ጻፈ። ከጨረሰም በኋላ ብዕሩን ከጆሮው ላይ ሰክቶ ለትንሽ ጊዜ ዝም አለና፣ «ጋሼ፣ አንድ የረሳነው ነገር አለ፤ ሦስታችንም የምንኖረው በኪራይ ቤት ነው፤ ቆጣሪው የእኛ አይደለም» አለኝ። እኔም ይህን አላሰብሁትም ነበር።

ሻይ ቤቱን ለቅቀን አብረን ወደ አከራያቸው ቤት ሄድን፤ ግቢው ሰፊ፣ በሩም መኪና የሚያስገባ ነው። እትዬ በረንዳቸው ላይ ተቀምጠው ጎመን ሲቀነጥሱ አገኘናቸው። መምህሩ ጉዳዩን ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው፣ ስለ ኪሎዋቱም ሳይቀር በትሕትና አስረዳቸው። እርሳቸውም ሥራቸውን ሳያቋርጡ አዳመጡትና የሚከተለውን መለሱለት፦

«መኪናው ይግባ ልጄ፤ ግቢው ይበቃል። ገመዱን ግን የራሳችሁን ቆጣሪ አስገብታችሁ ዘርጉ። እስከዚያ ድረስ እኔ የምጋግረው ማታ ማታ ረቡዕና ዓርብ ነው፤ በነዚያ ቀኖች መኪናችሁም እንደኛው ይጹም።»

የሒሳብ ሠራተኛው ብዕሩን ከጆሮው አውርዶ ይህንንም ጻፈው።